ምራቴን ውሃ ያሳየሁ ለት

ሻዕባን 18

የነጩ ንጉሥ ጦር ደረሰ። የከተማው ጦር አዛዥ ካምበር ሙርዛ ሴት ግንብ ላይ እንዳይወጣ ከልክሏል፤ እኔ ግን ወጣሁ። የከተማችንን የታሽያርን ሴት ልጆች ግማሹን ፊደል ያስቆጠርኩ አቢስታይ፣ የሴቶች አስተማሪ ነኝ፤ የወታደሮቹን እናቶች በአርጩሜ ያስተማርኩ እኔ ነኝ፤ ማን ደፍሮ ያስወርደኛል?

ከወንዙ ማዶ ያለው ሜዳ እስከ ሰማይ ዳር ድንኳን ነው። ሣሩ አይታይም። ከኋላ ደግሞ መድፍ የሚጎትቱ በሬዎች ገና እየመጡ ነው፤ ቆጥሬ መጨረስ አልቻልኩም።

ልጄ ኢልባሪስ የወንዝ በር ግንብ ላይ ተረኛ ነበር። ቀበቶውን እያጠበቀ መጣና "እማ፣ ይብቃሽ፣ ውረጂ" አለኝ። ወረድኩ። ፍርሃቴን እንዳያይብኝ ደረጃውን እየተሳደብኩ ወረድኩ።

ታሽያር ከዚህ በፊት ሦስት ጊዜ ተከባ ታውቃለች። ሦስቱንም ጊዜ በረዶ መጥቶ አባሮልናል። ግንባችን የባሉጥ ግንድ ነው፤ በሁለቱ ግንድ መሃል አፈርና ድንጋይ ታጭቋል። እህል አለን። ውሃም አለን፤ ዋናው እሱ ነው። ከወንዝ በር ግንብ ሥር ሰባ ሁለት ደረጃ ወደ መሬት ውስጥ ወርዶ ምንጭ አለ። ጠላት ወንዙን ቢይዝ ምንጩን አያውቀውም።

ሻዕባን 21

መድፍ። ከፈጅር እስከ ዙህር አላቆመም። የገንፎው ድስት ከምድጃው ላይ እየተንሸራተተ አስቸገረኝ። ልጆቹን ዛሬ አላስተማርኩም።

ሻዕባን 23

ኢልባሪስ ላግባ አለኝ። በዚህ ሰዓት!

"ማንን?" አልኩት፤ አውቄው እንጂ ጠፍቶኝ አይደለም።

"አይቪካን።"

አይቪካ ከወንዙ ማዶ ያለው የደጋ ሕዝብ ልጅ ናት። አባቷ ማርና ሰም ሊሸጥ መጥቶ በበረዶው ወር እኛ ሰፈር በንዳድ ሞተ። እሷ ጎረቤቴ ኬንዱዝ ቤት ሱፍ እያባዘተች ቀረች። ደገኞቹ ለነጩ ንጉሥ ገብረዋል። ሠራዊቱ የተሻገረበትን ድልድይ የሠሩት እነሱ ናቸው፤ መንገድ የመሩትም እነሱ ናቸው።

"ከተማው ሙሉ ልጃገረድ አለ፤ አንተ ግን የጠላት መንገድ መሪ እህት ትመርጣለህ" አልኩት።

"ወንድም እንዳላት በምን አወቅሽ?"

"ደገኞች ሁሉ ወንድማማች ናቸው።"

ሳቀ። ሲስቅ አባቱን ነው የሚመስለው፤ እሱን ሳይ ሐሳቤ ይፈርስብኛል። ከዚያ ሳቁን ትቶ "እማ፣ ረመዳን ሊገባ ነው። በረመዳን ሠርግ የለም። ከረመዳን በኋላ ልኑር አልኑር ማን ያውቃል?" አለኝ። ባሌን ቀብሬያለሁ፤ ሌላ ልጅ የለኝም። እሺ አልኩ።

ሻዕባን 26

ኒካሁ ታሰረ። አንድ ዝይ፣ የተረፈን ማር፣ ትንሽ የፈረስ ሥጋ ቋንጣ። ከበሮ አልተመታም፤ መድፉ በቂ ነበር። ኬንዱዝ "ነጩ ንጉሥ እንኳ ለሠርግሽ ከበሮ ላከ" ብላ ሰውን አሳቀች። ኬንዱዝ አፏ መርዝ ነው፤ ግን ያለሷ ሠርግ አይሞቅም። ሴት ልጇ ቱታሽ ሙሽራዋን ሹሩባ ሠራቻት፤ በጠጉሯ ጫፍ ላይ ብር አንጠለጠለችላት።

ሙሽራዋ ሥርዓት ታውቃለች፤ አልዋሽም። በእኛ ዘንድ አማት "ተናገሪ" ብላ አምባር እስክታጠልቅላት ድረስ ምራት በአማቷና በትልልቅ ሰዎች ፊት ቃል አይወጣትም። እኔ አማቴ ፊት አንድ ዓመት ከሁለት ወር ዝም ብያለሁ። የአይቪካን አንደበት ለዒድ እከፍተዋለሁ። አምባሩም ተቀምጧል፤ የእናቴ ነው።

ሻዕባን 27

ሙሽራን በሠርጓ ማግስት ጧት ውሃውን እናሳያታለን። ይህ ካልሆነ ምራቲቱ በቤቱ ውስጥ እንግዳ ሆና ትቀራለች። ባልዲዎቿን በትከሻ እንጨት ተሸክማ ትወርዳለች፤ ምንጩ ውስጥ አንድ ብር ትጥላለች፤ ውሃውን ሳታፈስ ትመለሳለች። ሴቶቹ ይዘፍኑላታል።

ካምበር ሙርዛ ግን ከትናንት ወዲያ አዝዟል፤ ወደ ምንጩ የሚወርድ ጫማውን ያውልቅ፣ ባልዲው እንዳይጋጭ በጨርቅ ይጠቅልል፣ ድምፅ ያሰማ ሰው ከግንብ ይወረወራል ብሏል። ምክንያቱ፣ ጠላት ከግንቡ ውጭ ያለውን አሮጌውን የድንጋይ መታጠቢያ ቤት ይዟል። እዚያ ውስጥ ምን እንደሚሠሩ አይታይም። በጆንያ አፈር እያወጡ ነው ይላሉ ወታደሮቹ። ሰው እየሞተባቸው ነው፤ መቃብር ይቆፍሩ ይሆናል።

ኢልባሪስ ጎህ ሳይቀድ ወደ ግንብ ተጠርቶ ሄደ። ከሙሽራዋ ሌላ አምስት ሴቶች ነበርን፤ ቱታሽና ኬንዱዝም ነበሩ። ደረጃው አፍ ላይ ስንደርስ ኬንዱዝ በጆሮዬ "የደጋ ልጅ ስለሆነች ነው እንደ ሌባ ጭጭ አድርገሽ የምታወርጃት? የኔን ልጅ እንዲህ ቢያደርጓት ፊታቸውን እቧጭረው ነበር" አለችኝ።

ታዲያ ጥቂት ዘፈንን። አንድ ስንኝ ብቻ፣ በለሆሳስ።

ታች ምንጩ ጋ ስንደርስ ልጅቷ ብሩን ጣለች፣ ባልዲዋን ሞላች፤ ሁሉን በወጉ። ከዚያ ግን ፊቷ ተለዋወጠ። መዳፏን ግድግዳው ላይ አድርጋ ቆመች። መጥታ እጅጌዬን ጎተተች። እጄን ይዛ ግድግዳው ላይ አስቀመጠችው። በዓይኗ ታፈጥብኛለች።

"አዎ፣ ቀዝቃዛ ነው፤ የምድር ውስጥ ነውና" አልኳት። ሴቶቹ ሳቁ። አንገቷን ደፋች። ስትመለስ አንድ ጠብታ አላፈሰሰችም። ኩራት ተሰማኝ፤ ለኬንዱዝ ስል ፊቴን አጨማደድኩ እንጂ።

ሻዕባን 28

ኢልባሪስ አልመጣም። ወደ በሩ አዲስ መድፍ አስጠግተዋል፤ ከግንብ የሚወርድ የለም።

ልጅቷ ምድጃው ሥር አመድ ላይ በጣቷ መስመር ትሥላለች። አንድ ረጅም መስመር፣ ከሱ በታች ሌላ መስመር። አየት ታደርገኛለች። "ጥልፍ ከፈለግሽ ክር አለልሽ" ብዬ አመዱን ጠረግኩት። ደገኞች ጥልፋቸው ቀጥ ያለ ነው፤ አበባ አያውቁም።

ሻዕባን 29

ጨረቃ ታየች ተባለ። በጭስ ውስጥ እንዴት እንዳዩአት እንጃ። ነገ ጾም ነው።

ረመዳን 1

አሁን ልጽፍ አልችልም።

ረመዳን 2

ዛሬ ልሞክር።

ትናንት ጀንበር ልትጠልቅ ስትል ሴቱ ሁሉ ለማፍጠሪያ ውሃ ለመቅዳት ወጣ። በጾም የመጀመሪያው ቀን ሁሌም እንዲህ ነው፤ ከምንጩ አሁን የተቀዳ ውሃ ካልሆነ አይጥምም። እኔም ባልዲዬን አነሳሁ። አይቪካ በሩ ላይ ተቀመጠችብኝ። ተነሺ አልኳት። ቀሚሴን በሁለት እጇ ጨብጣ ይዛ ራሷን ነቀነቀች። "ምን ዓይነት ስንፍና ነው? ጾም ስለገባ ነው?" ብዬ ጮህኩባት። ኬንዱዝና ቱታሽ በበራችን ሲያልፉ አዩን። ኬንዱዝ "ገና በሳምንቷ ትታገልሽ ጀመር?" ብላ ሳቀች። ኬንዱዝ ድንኳን ሰፊው ሽማግሌ ቤት ጎራ ልትል ቀረች፤ ቱታሽ ቀጠለች።

መሬቱ ተነሳ። ሌላ ቃል የለኝም። የወንዝ በር ግንብ ግማሹ ወደ ላይ ሄዶ ተመለሰ። ግንድ ከሰማይ ወረደ። ደረጃው የለም፣ ምንጩ የለም። ሠላሳ ስምንት ሴት ሞቷል እያሉ ነው። አርባ አንድ የሚሉም አሉ። ቱታሽን በሹሩባዋ አወቋት።

ኢልባሪስ በሕይወት አለ፤ እሱ በሌላው ጫፍ ነበር። ዛሬ በአፈር ተለውሶ መጣ። ሚስቱን ጓዳ ወስዶ ረጅም ጊዜ ቆዩ። ለሱ መናገር አልተከለከለችም። ሹክሹክታ እሰማ ነበር፤ ቃሉ ግን አይያዝም። ሲወጣ ሳያየኝ አለፈ።

ከመታጠቢያ ቤቱ ተነስተው ነው በምድር ውስጥ ቆፍረው ከደረጃው ሥር የደረሱት። ባሩዱን በበርሜል ነው ያስገቡት ይላሉ። በትክክል ከደረጃው ሥር። በምን አወቁ? ሰው ሁሉ የሚጠይቀው ይህን ነው።

የዘፈንነው ሁለት ስንኝ ነው። ሁለት ስንኝ ድንጋይ አያልፍም።

ረመዳን 4

በከተማው መሃል ካለው ኩሬ እንጠጣለን። አረንጓዴ ነው። በጨርቅ አጥልለን አፍልተን እንኳ ይሸታል። ድንኳን ሰፊው ሽማግሌ ሆዱ ተነፍቶ ሞተ። ሙቀቱ በረታ፤ በዚህ ወር የሚመጣው ዝናብ ዘንድሮ ጠፋ።

ከኩሬው ስመለስ ሁለት ሴቶች ሲያወሩ ሰማሁ። "የደጋዋ ልጅ አልወርድም ብላ ቀሚስ ይዛ ታግላለች አሉ።" "ታውቅ ነበራ!" ሲያዩኝ ሰላምታ ሰጡኝ።

እኔን ነው ያዳነችው። ይህን ማንም አያነሳውም። እኔም አላነሳሁትም።

የዘፈንነው እስከ ደረጃው አጋማሽ ነው፤ ከዚያ በኋላ ሰው ትንፋሽ ስላጠረው ቆመ።

ረመዳን 5

ኬንዱዝ ልጇን ከቀበረች ጀምሮ አትቀመጥም፣ አትበላም። ዛሬ ካምበር ሙርዛ ፊት ወድቃ ፍርድ ጠየቀች። ነገ ከዙህር በኋላ አይቪካን ይዘሽ ነይ ተባልኩ።

ልጅቷ ነገሩ ገብቷታል። ቤቱን ጠረገች፣ የኔን ነጠላ አጠበች፤ በዚያ ውሃ ምን ያህል ቢጠራ። ከዚያ መጥታ እግሬ ሥር ተቀመጠች። አምባሩ በሳጥኑ ውስጥ ነው፤ ሳጥኑ ከተቀመጥኩበት ክንድ አይርቅም። "ተናገሪ" የሚል አንድ ቃል ነው። ብትናገር ግን የምትናገረው ያንን ነው። የግድግዳውን። የዘፈኑን። ካምበር ሙርዛ ደግሞ ቃሉን አያጥፍም፤ አምስታችንን ከግንብ ይወረውረናል። አሁን አራት ነን።

ነገ በፈጅር አስብበታለሁ ብዬ ተነሳሁ። አሁን ፈጅር አልፏል፤ ገና እያሰብኩ ነው። ጥሩ ሰው እንደሆንኩ አስብ ነበር።

ረመዳን 6

መስጊዱ ግቢ ሞልቶ ነበር። ካምበር ሙርዛ ክንዱ ታስሮ፣ ዓይኑ ቀልቶ፣ ምንጣፍ ላይ ተቀምጧል። ሰውየው ከቅዳሜ ጀምሮ አልተኛም ይላሉ።

"አቢስታይ፣ ሙሽራዋን ውሃ ያሳዩ ለት ድምፅ ነበር?" አለኝ።

ሦስቱን ሴቶች አየኋቸው። መሬት መሬት ያያሉ። ኬንዱዝም።

"አልነበረም ጌታዬ" አልኩ።

"ታዲያ ይቺ ልጅ ያን ቀን እርስዎን ለምን ያዘች? ራሷ ትናገር።"

"ሙሽራ ናት። አንደበቷ አልተከፈተም።"

ሰው አጉረመረመ። ካምበር ሙርዛ ሳይቆጣ፣ እንደደከመ ሰው ዝግ ብሎ፣ "እንግዲያው ይክፈቱታ፣ አቢስታይ። ጠላት ከግንቡ ሥር ነው፤ ዒድን አንጠብቅም" አለ።

አምባሩን በመቀነቴ ቋጥሬ ይዤ ነበር። ለምን እንደያዝኩት አላውቅም። አውጥቼ አጠለቅኩላት፤ እጇ ቀዝቃዛ ነበር። "ተናገሪ" አልኳት።

አይቪካ ተነሳች። ድምፅዋን በሕይወቴ ለመጀመሪያ ጊዜ ሰማሁት፤ ወፍራም ነው፣ የሴት ልጅ አይመስልም። የእኛን ቋንቋ በደጋ ዜማ ትጎትተዋለች።

"የዘፈንኩት እኔ ነኝ። ብቻዬን። በእኛ አገር ሙሽራ ራሷ ትዘፍናለች። እናቴ ዝም በይ ብለውኝ ነበር፤ አልሰማኋቸውም። ምንጩ ጋ ቁፋሮ ሰማሁ። ጥፋቴን ፈርቼ ለማንም አልነገርኩም። ያን ቀን እናቴን የያዝኳቸው ስለዚህ ነው። ሌላውን ሰው ማስቀረት ነበረብኝ፤ አላስቀረሁም።"

እናቴ አለችኝ።

ካምበር ሙርዛ ወደኔ ዞረ። "እውነቷን ነው?"

ኬንዱዝ ቀና ብላ አየችኝ፤ ልጇን ያጣች ሴት ዓይን ነው፤ ግን ሌላም ነገር ነበረበት። ልመና ነበር።

"አዎ" አልኩ።

ሙሽራ ስለሆነች ከግንብ አትወረወርም፤ ጧት በበሩ ትውጣ፣ ወደ ወገኖቿ ትሂድ ተባለ። ሰው ፍርዱ ቀለለ ብሎ አጉረመረመ።

ረመዳን 7

የምሥራቁን ትንሹን በር ከፈቱ። ነጭ መሐረብ በእንጨት አሰሩላት። ኢልባሪስ እስከ በሩ አብሯት ሄደ። አምባሩን አውልቃ ልትሰጠኝ ነበር፤ እጇን መልሼ ጨበጥኩት። የቻልኩት ያንን ብቻ ነው።

ሜዳውን እስክታጋምስ ከሁለቱም ወገን አልተተኮሰም። ጠላት ለመከለያ አፈር ሞልቶ ከደረደራቸው ቅርጫቶች ጀርባ አንድ ሰው ወጣና ትከሻዋን ይዞ አስገባት። ወታደሮቹ የደጋ ቆብ አድርጓል አሉ። አንዱ ደግሞ አይ፣ ቆብ የለውም አለ።

ረመዳን 8

የኩሬው ውሃ ጎደለ። ከታች ያለው ጭቃ ነው።

ረመዳን 10

ኬንዱዝ መጣች። ጉልበቴ ላይ ራሷን አሳርፋ አለቀሰች። ስለዚያ ቀን አንድ ቃል አልተነፈሰችም። ስትወጣ "አንቺ ሰው ነሽ" አለችኝ። በሩን ከኋላዋ ዘጋሁና እንደ እብድ ብቻዬን ሳቅኩ።

ደግሞ በዋናው በር ሥር ቁፋሮ ይሰማል እያሉ ነው። ከበሮ መሬት ላይ አስቀምጠው ቆዳው ላይ ሽምብራ በትነዋል፤ ሽምብራው ይዘላል አሉ። የት ጋ እንደሆነ ግን ማወቅ አልቻሉም። ግድግዳ በመዳፉ ዳስሶ የሚለይ ሰው ቢኖር ይለየው ነበር። አባረርናት።

እውነቱን ለዚህ ወረቀት ልንገረው። እስከ ታች ድረስ ነው የዘፈንነው። ስንመለስም። እያጨበጨብን። የጀመርኩትም እኔ ነኝ፤ ከኬንዱዝ እንዳላንስ ብዬ።

ረመዳን 12

ዛሬ ረፋድ ላይ ኢልባሪስ ልብሱን ሊቀይር መጣ። ከስቷል። ጉንጩን ባሩድ አቃጥሎታል፤ ቅባት ልቀባህ ስለው ተወው አለኝ። ዛሬ መናገር አለብኝ አልኩና በሩን ዘግቼ ፊቱ ተቀመጥኩ። ሁሉንም ነገርኩት። ዘፈኑን፣ ግድግዳውን፣ አመዱ ላይ የሣለችውን፣ "አዎ" ያልኩትን። ቀና ሳይል ሰማኝ።

"አውቃለሁ እማ" አለኝ።

"ምኑን?"

"ሁሉንም። ምንጩ በፈረሰ ማግስት ጓዳ ውስጥ ነግራኛለች።"

"ታዲያ ምነው ዝም አልክ?"

"አስምላኛለች። 'እኔን ቢያባርሩኝ የምሄድበት ወገን አለኝ፤ እናትህን ግን ከግንብ ነው የሚወረውሯቸው' አለችኝ። ያን ለት ቁፋሮውን ስትሰማ ልትጮህ ፈልጋ ነበር። በመጀመሪያው ቀን አማቴን በሰው ፊት ላዋርድ ብላ ፈራች። የቁፋሮውን መስመር አመዱ ላይ ስትሥልልሽ ይገባታል ብላ አስባ ነበር።"

የልብሱን ቁልፍ እየቆለፈ ቀጠለ። "የማልኩት እኔ እንዳልናገር ነው። አንቺ እንዳትናገሪ አልማልኩም። መስጊዱ ግቢ ውስጥ ከኋላ ቆሜ አፍሽን ሳይ ነበር። በሩ ሲከፈትም አሁን ትናገራለች እያልኩ ነበር። ሜዳው መሃል እስክትደርስ ጠበቅኩሽ።"

"ልጄ፣ አሁን ሄጄ ለካምበር ሙርዛ እነግረዋለሁ" አልኩት። "ሰው ልከው ያስጠሯታል። ቁፋሮውን የምታውቅ እሷ ናት። ዋናው በር..."

"እሺ እማ" አለ። አላመነኝም፤ አልተቆጣም፤ ዝም ብሎ አላመነኝም። ቆቡን አደረገና ወጣ፤ በሩን ቀስ አድርጎ ዘጋው። ቢያላትመው ይሻለኝ ነበር።

ካምበር ሙርዛ ያለበት ግንብ ከቤቴ ሦስት መቶ እርምጃ አይሞላም። ነጠላዬን ለብሼ፣ ጫማዬን አድርጌ ነው ይህን የምጽፈው። ከዙህር በፊት ነው የለበስኩት። አሁን መግሪብ እየተጠራ ነው።